የውሰት ሳሎን

ከቤቴል ወደ ዓለም ባንክ በሚወስደው መንገድ፣ ከአስፋልቱ ወደ ውስጥ ገባ ሲባል፣ አንድ ቁልቁለት መንደር አለ። ከላይ ባለፎቆች ይኖራሉ፤ ከታች የቆርቆሮ አጥር ይቀጥላል። ከታችም በታች፣ መንገዱ ራሱ ደክሞት ቁጭ ያለ በሚመስልበት ቦታ፣ የእትዬ አልማዜ ቤት አለች።

እትዬ አልማዜን የማያውቅ የሰፈር ሰው የለም። ሰው ግን የሚያውቃቸው በስማቸው ብቻ ሳይሆን በቧንቧቸው ነው። ነገሩ እንዲህ ነው፤ በዚያ ሰፈር ውሃ በፈረቃ ይመጣል። መጣ ሲባልም ጉልበት የለውም። ላይ ላዩ ቤት ያለው ቧንቧ ያፏጫል፣ ይተነፍሳል፣ ሁለት ሦስት ጠብታ ይተፋና ዝም ይላል። የእትዬ አልማዜ ቤት ከሁሉም ዝቅ ብላ ስለተሠራች፣ ሌላው ጋ ያልደረሰው ውሃ ተንደርድሮ እሳቸው ጋ ይደርሳል። ክረምት ሲሆን ጎርፉም የሚደርሰው ያው እሳቸው ጋ ነው።

«ዝቅ ያለ ቦታ መኖር እንዲህ ነው» ይላሉ እትዬ አልማዜ። «የመጣውን ሁሉ መቀበል ነው።»

የፈረቃው ቀን ሲደርስ የግቢያቸው በር ተከፍቶ ይውላል። ቢጫ ጀሪካን ከቢጫ ጀሪካን ኋላ ይሰለፋል። ክፍያ የሚባል ነገር የለም። አንዴ አንዲት አዲስ የገባች ተከራይ ውሃዋን ቀድታ ብር ብትዘረጋላቸው፣ እጇን ይዘው ብሩን መልሰው ኪሷ ውስጥ ከተቱት።

«ለእኔ የሰጠኝ መቼ ሸጠልኝ?» አሏት።

እትዬ አልማዜ በልጅነታቸው ከጉራጌ አገር ከእዣ መጥተው እዚሁ ኮልፌ ያደጉ፣ እዚሁ ያገቡ፣ እዚሁ ባላቸውን የቀበሩ ሴት ናቸው። ጉልበታቸው ሳይከዳቸው በፊት ገበያ ቅቤ ይነግዱ ነበር። ልጅ አልሰጣቸውም። ሪህ ይዟቸው ቤት ከዋሉ ወዲህ መተዳደሪያቸው የባላቸው ጡረታ ብቻ ናት፤ እሷም ለእህልና ለመድኃኒት ከሆነች በኋላ ወር ሳይሞላ ታልቃለች። ቢሆንም ከማንም ጠይቀው አያውቁም። የውሃውን ሒሳብ ከሁሉ አስቀድመው ነበር የሚከፍሉት።

ታዲያ ባለፈው ክረምት አንድ ጉድ ገጠማቸው። ከቆጣሪው ወደ ቤታቸው የሚገባው የመሬት ውስጥ ቧንቧ አርጅቶ ኖሮ ተሰነጠቀ። ውሃው ሌት ተቀን ሲፈስ ማንም አላወቀም። ክረምት ነዋ! ምድሩ ሁሉ ጭቃ ሲሆን የትኛው ጭቃ የሰማይ፣ የትኛው የቧንቧ እንደሆነ ማን ይለያል? ሒሳቡ ሲቆለል እትዬ አልማዜ «ዋጋ ጨመረ ማለት ነው» ብለው ዝም አሉ። አንዱን ወር እንደምንም ከፈሉ፤ ሌላው አቃታቸው። ጥቅምት ገብቶ መሬቱ ሲደርቅ፣ ከአጥሩ ሥር ያለችው አንዲት ቦታ ብቻ ለምልማ ቀረች። ጤናዳሙ እስከ ጉልበት አድጎ ነበር። የሰፈሩ ቧንቧ ሠራተኛ ብሩኬ መጥቶ ቆፈረና ስንጥቁን አገኘው፤ አንዲት ሳንቲም ሳይቀበልም ጠገነላቸው። ያለፈውን ሒሳብ ግን ብሩኬ ሊጠግነው አይችልም። ከቆጣሪ ወዲህ ያለው የባለቤቱ ነው፤ ሕጉ እንዲያ ነው። በመጨረሻ እስከ ወሩ መጨረሻ ካልተከፈለ ውሃው እንደሚቆረጥ ተነገራቸው።

ይህን ለማንም አላወሩም። ግን ሰፈር ነው፤ ሳይነገርም ይሰማል።

አጥር የምትጋራቸው ፈትያ አንድ ጠዋት እጇን በቀሚሷ እየጠረገች ገባች። ባሏ አነስ ጦር ኃይሎች አካባቢ ጨርቅ ይሸጣል፤ እሷ ደግሞ የሰፈሩ ሬዲዮ ናት ይሏታል።

«እትዬ፣ ሰምተዋል? ወረዳው የውሃና የመብራት ክፍያ ሊደግፍ ነው። የሰዉ ገቢ ታይቶ ነው አሉ። ገቢው ዝቅ ያለ ሰው ውዝፉ ይቃለልለታል፤ ከዚያም በየወሩ እንደ አቅሙ ትንሽ ይከፍላል፣ የቀረውን እነሱ ይሞሉለታል።»

«ይበል ነው። ለተቸገረ ሰው ጥሩ ነገር ነው።»

«እርስዎስ?»

«እኔ ምን ሆንኩ?»

ፈትያ ወገቧን ያዘች። «ውሃዎ ሊቆረጥ ነው እኮ!»

«አንቺ ልጅ፣ ቀስ በይ። ሰው ይሰማል።»

«የትኛው ሰው ነው ያልሰማው? ለእኔ የነገረኝ ዳቦ ቤቱ ነው!»

እትዬ አልማዜ አንገታቸውን ደፉ። «ፈቲ፣ እኔ ሄጄ ‹ድሃ ነኝ› ልበል? በስተርጅና?»

«‹ድሃ ነኝ› አይበሉ። ‹ቧንቧዬ ፈሶ ነው› ይበሉ። ደግሞ ለራስዎ ብቻ መሰለዎት? እርስዎ ጋ ከተቆረጠ እኔ የልጆቼን ልብስ በምን አጥባለሁ? በምራቄ?»

በዚህች አሳቀቻቸው፤ በዚህችም አሸነፈቻቸው። በማግስቱ ነጠላቸውን እንደ ሙሽራ እስከ አፍንጫቸው ስበው ከፈትያ ጋር ወረዳ ሄዱና ተመዘገቡ። እዚያ ያገኟት ልጅ «በዚህ ሳምንት ቤትዎ ድረስ መጥተን ኑሮዎን እናያለን» አለቻቸው።

እንግዲህ ጣጣው ሁሉ የመጣው ከዚህች «እናያለን» ከምትባል ቃል ነው።

ወሬው መንደሩን ለማዳረስ አንድ ቀን አልፈጀበትም። «እትዬ አልማዜ ቤት የመንግሥት እንግዶች ሊመጡ ነው!» ተባለ። መጀመሪያ የመጡት የእድሩ ሰብሳቢ ጋሽ ተክለሃይማኖት ናቸው። ድሮ ተሳቢ ይነዱ ነበር፤ ዛሬም ሲናገሩ ሞተር ከበላያቸው ያለ ይመስል ይጮኻሉ። በሩ ላይ ቆመው ቤቱን ቃኙ። አንዲት አልጋ፣ ሁለት በርጩማ፣ የሟቹ ፎቶ። ግድግዳው ላይ ከጣራ እስከ ወለል የወረደ ስንጥቅ።

«አልማዜ!» አሉ። «እንግዶቹን የት ልታስቀምጪ ነው?»

«በርጩማ አለ፤ አልጋው አለ…»

«በርጩማ? እንግዳ በርጩማ ላይ? ሰፈሩን ልታሰድቢ ነው እንዴ? ሶፋዬን አመጣለሁ!»

«ኧረ ጋሽ ተክሌ፣ በእግዚአብሔር…»

«አለቀ!»

እና እንግዶቹ ይመጣሉ በተባለበት ቀን ማለዳ፣ ብሩኬና ሁለት ጎረምሶች ያንን ባለ ሦስት ሰው ቡናማ ሶፋ ተሸክመው ቁልቁል ወረዱ። በሩ ጋ ሲደርሱ አልገባ አለ። አዞሩት፤ እንቢ አለ። አቆሙት፤ እንቢ አለ።

«ሶፋውን እንቁረጠው ወይስ በሩን?» አለ ብሩኬ ላቡን እየጠረገ።

«በሩን ንቀል! የሶፋውን እግር ከነካህ እግርህን ነው የምነቅለው!» አሉ ጋሽ ተክለሃይማኖት።

በሩ ተነቅሎ ሶፋው ገባ፤ በሩም ተመልሶ ተገጠመ። ከዚያ ፈትያ ለዒድ ብቻ የምታነጥፈውን ቀይ ምንጣፏን ይዛ መጣች። ስንጥቁ ላይ አበባ ያለበት መጋረጃ ሰቀለች። ከመንገዱ ማዶ ያለችው፣ አምና የተዳረችው አልፊያ ቴሌቪዥኗን አቅፋ ገባች። ትልቅ ነው፣ ገና የፊቱ ላስቲክ እንኳ አልተላጠም።

«ልጄ፣ ይሄስ ምን ያደርጋል?» አሉ እትዬ አልማዜ።

«ቤት ያደምቃል እትዬ። አይከፍቱትም፤ ይታያል ብቻ።»

አነስ አንድ ሣጥን ለስላሳ ላከ። ሌላዋ ብርጭቆ፣ ሌላዋ የአበባ ማስቀመጫ አመጣች። ፈትያ በመጨረሻ የራሷን የወርቅ ሐብል ከአንገቷ አውልቃ እትዬ አልማዜ አንገት ላይ አሰረችና ወደ ኋላ ሸሸት ብላ አየቻቸው።

«ማሻ አላህ! እትዬ፣ ባል ቢመጣስ?»

«ዝም በይ አንቺ ባለጌ!» አሉ፤ ግን ሳቁ።

እውነቱን ለመናገር እትዬ አልማዜ ልባቸው ሞቆ ነበር። ባላቸው ከሞቱ ወዲህ በዚያች ቤት ያን ያህል ሰው ገብቶ አያውቅም። ሰዉ ሲወጣ ሶፋው ላይ ቀስ ብለው ተቀመጡ። ሰመጡ። እጃቸውን ምንጣፉ ላይ ዘረጉና «ጌታዬ፣ ምን አድርጌላቸው ነው?» አሉ ለብቻቸው። የሰጡትን ውሃ ረስተውት ነበር።

እናንተዬ፣ ከዚያ ሁሉ ሰው መሐል ግን አንድ እንኳ «ቆይ፣ እነዚህ ሰዎች የሚመጡት ምን ሊያዩ ነው?» ያለ የለም። እንግዳ ይመጣል፤ ለእንግዳ ገበና አይታይም። በቃ። ይህን ከእናታቸው ጡት ጋር ነው የጠቡት።

እንግዶቹ ሁለት ነበሩ። አንደኛዋ ያቺ ወረዳ የመዘገበቻቸው ልጅ፣ ማርያማዊት ናት፤ ቀጭን፣ ታብሌት የያዘች። ሌላው አቶ እዮኤል የሚባሉ ጠና ያሉ ሰው ናቸው፤ ዓይናቸው የሰው ቤት ማየት የለመደ ነው፤ በአንድ ጊዜ ጣራውንም ወለሉንም ይለካል።

«ግቡ፣ ግቡ! ኧረ ጫማችሁን አታውልቁ!» አሉ እትዬ አልማዜ።

ሶፋው ላይ አስቀመጧቸው። ለስላሳ ከፈቱላቸው፤ ዳቦ ቆረሱላቸው። ማርያማዊት ታብሌቷን ጭኗ ላይ አድርጋ ጀመረች።

«እሺ እናቴ፣ ኑሮ እንዴት ነው?»

«ተመስገን! ምን ጎድሎብኝ!»

የልጅቷ ጣት ታብሌቱ ላይ ሳያርፍ ቆመ። «ማለት… የሚያገኙት ገቢ ይበቃዎታል?»

«እሱ ያበቃቃዋል ልጄ። እሱ ምን ይሳነዋል።»

«የሚቸገሩበት ነገርስ የለም?»

እትዬ አልማዜ ልጅቷን አዩአት። አፏ ውስጥ የእሳቸው ዳቦ አለ። ለመጀመሪያ ጊዜ ቤታቸው የገባች ልጅ ናት። እንዴት ተብሎ ነው ለሚበላ እንግዳ ችግር የሚወራው? ጉሮሮዋ ላይ አይቆምባትም?

«ጤና ካለ ምን ችግር አለ? ብይ እንጂ፣ አልበላሽም እኮ። ምነው ከሳሽ፤ እናትሽ አታይሽም?»

አቶ እዮኤል ቴሌቪዥኑን ዓይን ዓይኑን እያዩ «ሰፊ ነው» አሉ።

«አዎ፣ ሰፊ ነው» አሉ እትዬ አልማዜ። በየት በኩል እንደሚበራ አያውቁም።

እንግዶቹ አመስግነው ተነሡ። እትዬ አልማዜ እስከ ግቢው በር ሸኟቸውና ገና በሩን ሳይዘጉት፣ የአቶ እዮኤል ድምፅ ከውጭ ተሰማ።

«እዚህ እንኳ ምንም የሚያከራክር ነገር የለም። እኚህ ሴትዮ ከእኔ ይሻላሉ። እኔ ቤት እንዲህ ያለ ሶፋ መቼ አለ?»

«ደስ የሚሉ እናት ናቸው ግን» አለች ማርያማዊት።

«ደስ ማለት ሌላ፤ መቸገር ሌላ።»

እርምጃቸው ዳገቱን ይዞ ራቀ። እትዬ አልማዜ የበሩን እጀታ እንደያዙ ቀሩ። አሁን ገባቸው። የመጡት ገበናቸውን ሊያዩ ነበር፤ እሳቸው ደግሞ ሸፍነው፣ አበባ ሰቅለውበት፣ ወርቅ አስረውበት ሰደዷቸው። ሮጠው ሊጠሯቸው አሰቡ፤ ጉልበታቸው እንቢ አለ። እግራቸው እሺ ቢል እንኳ ምን ሊሉ? «ያያችሁት ሁሉ የጎረቤት ነው» ማለት፣ ሰፈሩ ያለበሳቸውን ልብስ አደባባይ ላይ ማውለቅ መሰላቸው። ዝም ቢሉ ደግሞ በወሩ መጨረሻ ቧንቧው ይቆረጣል። ያ ሁሉ ጀሪካን የት ይሰለፋል?

ገብተው ሶፋው ላይ ተቀመጡ። ወዲያው በሩ በሰው ሞላ።

«እሺ?» አሉ ጋሽ ተክለሃይማኖት፣ ፊታቸው በርቶ። «ተቀመጡበት?»

«ተቀመጡበት።»

«ተመቻቸው?»

«በጣም።»

«እሰይ! እና ምን አሉ?»

«‹ከእኔ ይሻላሉ፣ እኔ ቤት እንዲህ ያለ ሶፋ የለም› ብለው ሄዱ።»

አልፊያ አፏን በእጇ ያዘች። «ያ ረቢ! ቴሌቪዥኔ ነው!»

«ማን ነው እቃ እናምጣ ያለው?» አሉ ጋሽ ተክለሃይማኖት ወደ ኋላ ዞረው።

«እርስዎ ነዎት!» አለች ፈትያ።

«እኔ ሶፋ አልኩ! ወርቅ አልኩ? ቴሌቪዥን አልኩ?»

«እኛ ሶፋውን አይተን ነዋ! ከዚያ ሶፋ ጋር በርጩማ ይሄዳል?»

ፈትያ ምንጣፉ ላይ ተቀምጣ ሳቀች፤ ስትስቅ ስትስቅ እንባዋ መጣ፤ እንባው ደግሞ የሳቅ ብቻ አልነበረም። «እትዬ፣ ገደልንዎት» አለች።

«ሰዎቹ ገና አልራቁም» አለ ብሩኬ ከበሩ። «ከላይ ሁለተኛው ቅያስ ጋ አየኋቸው፤ ሌላ ቤት እየገቡ ነው።»

ጋሽ ተክለሃይማኖት እጃቸውን አጨበጨቡ። «እንግዲያው አንሱ! የየራሳችሁን እቃ ተሸከሙ። ይዘን ሄደን እናሳያቸዋለን። አልማዜ፣ አንቺ እዚህ ቆዪ፤ ነገሩን እኔ አስረዳለሁ።»

እትዬ አልማዜ ተነሡ። ሐብሉን ከአንገታቸው ፈትተው ለፈትያ ሰጧት።

«የለም» አሉ። «ሶፋው የእርስዎ ነው፣ ስለ ሶፋው እርስዎ ይናገሩ። ገበናው ግን የእኔ ነው። እሱን ከእኔ በቀር ማንም አይገልጠውም።»

በሩ እንደገና ተነቀለ። እንዲህ ሆነው ዳገቱን ወጡ፦ ከፊት ጋሽ ተክለሃይማኖት፣ እንደ ድሮው መኪና እንደሚያስወጡ እጃቸውን እያወናጨፉ፣ «ወደ ግራ! ግራ አልኩህ! ቀጥ!» እያሉ። ከኋላቸው ሶፋው። ከሶፋው ኋላ ፈትያ የተጠቀለለ ምንጣፍ በትከሻዋ፤ አልፊያ ቴሌቪዥኗን እንደ ሕፃን አቅፋ። ከሁሉም ኋላ እትዬ አልማዜ፣ ግድግዳ ግድግዳውን እየያዙ።

«እትዬ፣ ቤት ለቀቁ እንዴ?» አላቸው አንዱ ከሱቁ።

«የማን ሠርግ ነው?» አለች ሌላዋ።

«የማንም አይደለም፤ መንገድ ልቀቁ!» አሉ ጋሽ ተክለሃይማኖት።

አቶ እዮኤልና ማርያማዊት ከአንድ ቤት ሲወጡ ሶፋው ፊታቸው ተገትሮ አገኙት። አቶ እዮኤል ለዩት። ምንጣፉንም ለዩት። ግንባራቸው ተቋጠረ።

«ይሄ ደግሞ ምንድን ነው?»

ሁሉም አንድ ላይ አፉን ከፈተ። እትዬ አልማዜ እጃቸውን አነሡና ሰዉ ዝም አለ። እስትንፋሳቸው እስኪመለስ ቆዩ።

«ልጆቼ፣ ቅድም ያያችሁት ቤት የእኔ ቤት አይደለም። ይሄ ሶፋ የእሳቸው ነው። ምንጣፉ የእሷ ነው። ያ ቴሌቪዥን የዚች ልጅ የሠርጓ ነው። የእኔ ዳቦው ብቻ ነበር። እንግዳ መጣ ሲባል አብልጠው አለበሱኝ፤ እኔም ደስ ብሎኝ ለበስኩት።»

አቶ እዮኤል ራሳቸውን ነቀነቁ። «እናቴ፣ እኔ በዚህ ሥራ ብዙ አይቻለሁ። ልንመጣ ስንል ፍሪጁን ጎረቤት ቤት የሚያስገባ አለ። ሶፋውን ሸራ አልብሶ ጓሮ የሚያስቀምጥ አለ። እርስዎ ደግሞ እኛ ከወጣን በኋላ እቃ አወጡ። የቱን ልመን?»

«ደግሞም» አለች ማርያማዊት፣ በማዘን ዓይነት፣ «ስጠይቅዎት ‹ምን ጎድሎብኝ› ነው ያሉኝ።»

እትዬ አልማዜ ወደ ልጅቷ ዞሩ። «ልጄ፣ ዛሬ ጠዋት ሰው ‹እንዴት ነሽ› አላለሽም?»

«ብሎኛል።»

«ምን አልሽ?»

«‹ተመስገን› አልኩ።»

«እውነትሽን ነበር?»

ማርያማዊት ጫማዋን አየች። ከዚያ ሳታስበው ሳቅ አመለጣት። «ግማሹን» አለች።

«እንግዲያው እኔም ግማሹን ነው የነገርኩሽ። የቀረውን አሁን ልንገርሽ።» ድምፃቸው ቀጠነ፤ ግን አልቆመም። «የባሌ ጡረታ ለእህልና ለመድኃኒት ብቻ ትሆናለች። ክረምቱን ቧንቧዬ ሲፈስ ከረመ፤ አላወቅኩም። ሒሳቡ ተቆለለብኝ። ልከፍል ሞከርኩ። አልቻልኩም።»

ይቺን «አልቻልኩም» የምትባል ቃል በዕድሜያቸው ተናግረዋት አያውቁም። ቅቤ ተሸክመው ዳገት ሲወጡ አላሏትም፤ ባላቸውን ሲያስታምሙ አላሏትም። ዛሬ መንገድ መሐል፣ ሰው ሁሉ እየሰማ፣ ከአፋቸው ወጣች። ትሰብረኛለች ብለው የፈሯት ቃል ከወጣች በኋላ ግን፣ ከትከሻቸው ላይ ሸክም የወረደላቸው ይመስል አከርካሪያቸው ቀና አለ።

ፈትያ መጥታ ክንዳቸውን ያዘች። ጋሽ ተክለሃይማኖት፣ እኚያ ድምፃም ሰው፣ በጣም ቀስ ብለው «አጥፊዎቹ እኛ ነን ጌታዬ» አሉ።

አቶ እዮኤል ቆባቸውን አውልቀው ራሳቸውን አከኩ።

«ተመልሰን እንየዋ» አሉ።

ተመልሰው ወረዱ። በሩ ከግድግዳው ጋር ተደግፎ ቆሟል። ቤቱ ባዶ ነው፤ አልጋዋ፣ ሁለቱ በርጩማዎች፣ የሟቹ ፎቶ። ፈትያ መጋረጃውን ራሷ አነሣችው፤ ስንጥቁ ታየ፤ በስንጥቁም የቀን ብርሃን ገባ። አቶ እዮኤል በርጩማው ላይ ተቀመጡና ቤቱን በዝግታ አዩት። ከዚያ በሩ በተነቀለበት በኩል ግቢውን ሲያዩ ቧንቧውንና አጠገቡ የተኮለኮሉትን ጀሪካኖች አዩ።

«ውሃ ይሸጣሉ እንዴ?» አሉ።

እትዬ አልማዜ መልስ ለመስጠት ጊዜ አላገኙም። አልፊያ ቴሌቪዥኗን እንዳቀፈች «እኛን? ኧረ ስንለምናቸውም አይቀበሉም!» አለች። «የእኔ ቢጫው ነው፣ ክዳኑ ሰማያዊ የሆነው።» አንዷ ሌላ ጀሪካን ጠቆመች፤ አንዱ ጎረምሳ የእናቱን አሳየ። ብሩኬ ቧንቧው የፈሰሰበትን፣ ቆፍሮ የደፈነውን ቦታ አሳየ።

አቶ እዮኤል ትንሽ ትንሽ እያለ ሳቅ ያዛቸው፤ ኋላ ትከሻቸው ተንቀጠቀጠ። «ድሃ ለመምሰል እቃ ሲደበቅ እንጂ፣ ሀብታም ለመምሰል ሰፈር ሙሉ ሲያዋጣ አይቼ አላውቅም!»

«ሀብታም ለመምሰል አይደለም» አለች ፈትያ ፊቷን ሳትፈታ። «እናንተን ለማክበር ነው።»

አቶ እዮኤል ሳቃቸውን አቆሙ። «ልክ ነሽ» አሉ። «በዚህ ሥራ ያከበረን ቤት ብዙ አይደለም።»

ማርያማዊት ቅድም የጻፈችውን አጥፍታ እንደ አዲስ ጻፈች። እትዬ አልማዜ አጠገቧ ተቀምጠው የተጠየቁትን ሁሉ፣ ያለውን አለ፣ የሌለውን የለም እያሉ መለሱ። ልጅቷ ስትወጣ የተረፈውን ዳቦ በወረቀት ጠቅልለው ቦርሳዋ ውስጥ ከተቱላት። «ይሄ ጉቦ አይደለም፤ ዳቦ ነው» አሏት።

ወሩ ከማለቁ በፊት ማርያማዊት ራሷ በእግሯ መጣች። ስልክ ልትደውል ትችል ነበር፤ ግን ፊታቸውን ልይ ብላ ነው። ውዝፉ ተሸፍኗል። ከእንግዲህ በየወሩ ከጡረታቸው ጋር ተመጣጥኖ ጥቂት ይከፍላሉ፣ የቀረው በድጋፉ ይሞላል። ውሃው አይቆረጥም።

እትዬ አልማዜ ሲሰሙ ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አደረጉ። ፈትያ ከአጥሩ ማዶ ሰምታ ኖሮ እልልታዋ ቀደመ፤ ከዚያ የአልፊያ፣ ከዚያ ሽቅብ እስከ ፎቆቹ።

«ልጄ» አሉ በመጨረሻ፣ «የክርስትና ስምሽ ማን ነው?»

«ወለተጻድቅ።»

«የእናትሽስ?»

ነገረቻቸው። የአቶ እዮኤልንም ጠይቃ ልታመጣላቸው ቃል ገባች።

«ገንዘቡንስ የሚሰጠው ማን ነው? ስሙን ንገሪኝ።»

«አንድ ሰው አይደለም እትዬ። ብዙ ሰው ነው። ከዚህም ከዚያም ነው የተሰባሰበው። እኔም ስማቸውን አላውቅም።»

እሑድ ጠዋት እትዬ አልማዜ ከሰፈራቸው ቤተ ክርስቲያን ደጅ፣ ግንቡን ተደግፈው ቆሙ። በጸሎታቸው ወለተጻድቅን ከነእናቷ ጠሩ። የአቶ እዮኤልን ጠሩ። ጋሽ ተክለሃይማኖትን ጠሩ፤ ብሩኬን ጠሩ። ፈትያንና አነስን ከነልጆቻቸው ጠሩ፤ አልፊያን ጠሩ፣ «ዓይኗን በዓይኗ አሳያት» ብለው ጨመሩላት። ከዚያ ቆም አሉ። የቀሩት ብዙዎች ናቸው፤ ፊታቸውን አያውቁትም። የት እንደሚኖሩ አያውቁም። ምናልባት አንዱ ትናንት ታክሲ ውስጥ አጠገባቸው ተቀምጦ ይሆናል።

ግንቡን ተሳልመው ቀና አሉ።

«የቀሩትን እኔ አላውቃቸውም» አሉ። «እነሱም እኔን አያውቁኝም፤ ሳያውቁኝ ነው የሰጡኝ። አንተ ታውቃቸዋለህ። አንድ በአንድ፣ ማንንም ሳትረሳ፣ በየስማቸው ቁጠርልኝ።»